አጥፊው

ዱባይ፣ ጥቅምት 12 ቀን 1994 ዓ.ም.

ለውዷ የአጎቴ ልጅ ለሱሀይር ሙደሲር፤

አሰላሙ አለይኩም ወራህመቱላሂ ወበረካቱህ። ይህ ሰላምታዬ ከዱባዩ ሰፈሬ ከደይራ ተነስቶ፣ ባሕሩን ተሻግሮ፣ ሶማሌ ተራ አባትሽ ሱቅ ደጃፍ ላይ ቁጭ ብለሽ ያግኝሽ። አላህ ጤናሽን ያብዛልሽ፣ የአጎቴንም ገበያ ያድራለት። እኔ አልሐምዱሊላህ ደህና ነኝ፤ ከናፍቆታችሁ በቀር የጎደለብኝ የለም።

የሙሽርነቱ ወግ አልቆ ኑሮ ጀምሬያለሁ። አማቴ እትዬ ሀያቱ ከታች ጨርቅ ያከፋፍላሉ፣ እኛ ከሱቁ በላይ እንኖራለን። ቤቱ ሰፊ ነው፤ ግን ስሜን የሚጠራኝ የለም። ለደንበኞቹ «የባህረዲን ሚስት» ነኝ፤ ለባህረዲን ደግሞ «ስሚ» ነኝ። እንግዲህ ትለምጂዋለሽ ይሉኛል።

ያገባች ሴት ይህን ታስባለች ብለሽ ትስቂብኝ ይሆናል፤ እኔ ግን የማስበው ያን በእጅ የሚያዝ የአውሬ ጌሜን ነው። አማት ፊት አውሬ የምታጫውት ሙሽራ እንዳልባል ብዬ አንቺ ጋ ተውኩት እንጂ እንደ እጄ ነበር። እነዚያን አውሬዎች አንድ በአንድ ይዤ፣ አሳድጌ፣ ስም አውጥቼላቸዋለሁ። ትልቁን በሬ የወዛደሮቹን አለቃ ስለሚመስል ጓንጉል አልኩት። እሳት የምትተፋዋን ጃርት እናንተ ጎን ጀበና የምትሸጠዋ ሸዋርካብሽ አልኳት፤ ለምን እንደሆነ ምላሷን የቀመሰ ያውቃል። ሰፈራችንን በሙሉ እዚያች ሳጥን ውስጥ ከትቼ ነው የሄድኩት።

ስለዚህ ስሚኝ። ስትከፍቺው ሁለት ቃል ይመጣል። የላይኛው ካቆምኩበት ይቀጥላል። የታችኛው ከሀ ያስጀምራል፤ የሚይዘው አንድ ሰው ብቻ ስለሆነ አዲስ ጀምረሽ ሴቭ ካደረግሽ፣ ማለትም እንዲቀመጥ ካዘዝሽው፣ የኔ ሁሉ ይጠፋል። የታችኛውን እንዳትነኪ። ለሀፍሷ እህቴ እንኳ ያልሰጠሁት እሷ የነካችው ስለሚሰበር ነው። መርካቶ ሰው ያለ ደረሰኝ ሙሉ መጋዘን በአማና ይተዋል፤ እኔ ደግሞ አንቺ ዘንድ ሰፈሬን ትቻለሁ።

የገባሁልሽን ቃል አልረሳሁም። እትዬ ሀያቱ ለሱቁ ከዘመድ ሴት ልጅ ማምጣት ይፈልጋሉ። ስምሽን አነሳላቸዋለሁ ኢንሻአላህ።

እህትሽ ማሂራ


ሶማሌ ተራ፣ ኅዳር 4 ቀን 1994 ዓ.ም.

ለክብርት ወይዘሮ ማሂራ፣ ለደይራዋ፤

ወአለይኩሙ ሰላም ወራህመቱላሂ ወበረካቱህ። ሰላምታሽ ሱቁ ደጃፍ ላይ ፈልጎ አጥቶኝ፣ ከመደርደሪያው ሥር በመኪና ዕቃው፣ በካንዴላና በኩሽኔታው መሐል ተወትፌ አገኘኝ። ረመዳን ሊገባ ነው፤ አላህ በሰላም ያስጹመን። አባቴ ደህና ነው። ወገቡን ያመዋል፤ እንደ ድሮው የሚያመው ዕቃ ማንሳት ሲመጣ ነው።

ይህን የምታደርስልሽ ነጋዴዋ እትዬ ሐጀራ ናት፤ ዱባይን እንደ ጎጃም በረንዳ የምትመላለስባት። ከፊቷ ቁጭ ብዬ እየጻፍኩ «ቶሎ በይ፣ አውሮፕላን ሎንቺና አይደለም» እያለችኝ ነው።

ነገሩን ሳላንዛዛ ልንገርሽ። እህል በረንዳ ያሉትን ጋሼ ጀዋርን ታውቂያቸዋለሽ፣ ሚስታቸው አምና የሞተችባቸውን። የመጨረሻ ልጃቸው የሀፍሷ ክፍል ነች። እኒህ ሰውዬ ሱቃችን መጥተው ከላይ እስከ ታች አዩኝና ለአባቴ ምን አሉት መሰለሽ? «ኩንታሉ ጎደሎ ነው፤ ጤፉ ግን ማኛ ነው።» አባቴ ሳቀ። ቡና አስመጣላቸው። እኔ እዚያው ቆሜያለሁ። ለአረፋ ሁሉም አገር ቤት ሲገባ እዚያው ኒካሁን ሊያስሩ ተነጋግረዋል። እንግዲህ ከአረፋ በፊት ከዚህ ካልወጣሁ አለቀልኝ ማለት ነው። ማሂራዬ፣ እየቀለድኩ እንዳይመስልሽ። ሌላ የምይዘው የለኝም።

የባህረዲን ሽማግሌዎች ያን ጊዜ መጀመሪያ ያንኳኩት የኛን በር ነበር፤ አባቴ «ሱቄን ማን ይጠብቅልኛል» ብሎ መለሳቸው፣ ዕጣው ላንቺ ወጣ። ይኸው ሱቁንም ጠብቄ ሳልጨርስ ለእህል ነጋዴ ሊሰጠኝ ነው። ቅናት አይደለም፤ ባልሽን ይባርክልሽ። እኔ የምፈልገው ጨርቅ መለካት ነው።

ጌምሽ ደህና ነው። የላይኛውን ቃል ብቻ ነው የምነካው። ጓንጉል እንደቆመ ነው። ሸዋርካብሽ እሳት ትተፋለች፤ እውነተኛዋም እንደዚያው። መርካቶ ያለው የባትሪ ድንጋይ ግን ሁሉም ፌክ ነው፣ ከሱቅ ቤት ሳይደርስ ያልቃል። ከዚያ ላኪልኝ። እውነቱን ልንገርሽ አይደል፣ እኔም ከሀ መጀመር አምሮኛል። መጀመሪያ ላይ ሦስቱን እንስሳ ፊትሽ ደርድረው «አንዱን ምረጪ» ይሉሻል ስትይ ትዝ ይለኛል። እኔን እስከ ዛሬ ምረጪ ያለኝ የለም።

ጎደሎዋ ኩንታል፣ ሱሀይር


ዱባይ፣ ታኅሣሥ 18 ቀን 1994 ዓ.ም.

ለምወድሽ ለሱሀይር፤

ሰላምና የአላህ እዝነት ካንቺ ጋር ይሁን። ዒዱን እንዴት አሳለፋችሁት? ጾማችሁን ይቀበልላችሁ። መልሴ የዘገየው በጤና ነው፤ በረመዳን ሱቁ እስከ እኩለ ሌሊት ይሠራል፣ እጄ ደብዳቤ አልይዝ አለኝ።

ደብዳቤሽን እትዬ ሀያቱ ጮክ ብዬ እንዳነብላቸው አዘዙኝ። ከአገር የመጣ ወረቀት ሁሉ የሳቸው ነው። ስለ ሽማግሌዎቹ የጻፍሽውን ዘልዬዋለሁ። ኩንታሉ ጋ ስደርስ እንባቸው እስኪወርድ ሳቁ። ባህረዲንም ሳቀ፤ ሁለቴ አስነበበኝ። «ሱሀይር ድሮም ቋንቋ ታውቅበታለች» አለ። እኔ ያወራሁትን ሁለቴ ተናገሪው ብሎኝ አያውቅም። ጢም ማሳደግ ጀምሯል፤ አገጩ ላይ ብቻ ስለሚበቅል ቁርጥ ወጠጤ መስሏል። ይህቺን ለማንም እንዳትናገሪ።

ስላንቺ ለእትዬ ሀያቱ ነገርኳቸው። «ብልጥ ሞልቶኛል» አሉኝ። «ባለፈው ዓመት ያመጣኋት ብልጥ ነበረች፣ ጨርቄን በብልጠት ጨረሰችው። እኔ የምፈልገው የአማና ሰው ነው። ትንሽ ነገር አስይዣትና እዪ።» እኔም ጌሙን ነገርኳቸው። ምን እንደሆነ ባይገባቸውም «እንግዲያው እሱ ይሁን፤ ነክታው ካልተገኘች ትምጣ» አሉ። ይኸው ነው ፈተናሽ፤ ቀላል ነው። አዲስ መጀመሩን ተይው።

ሚጥሚጣ ላኪልኝ፣ የሰፈራችንን። የዚህ አገሩ ቀለም ብቻ ነው።

ማሂራ


ሶማሌ ተራ፣ ጥር 3 ቀን 1994 ዓ.ም.

ለእህቴ ለማሂራ፤

አላህ በቀኝም በግራም ይጠብቅሽ፣ እትዬ ሀያቱን ዕድሜ ይስጣቸው፤ ጉልበታቸውን በሩቁ ስሜያለሁ። አውሬ በመጠበቅ ዱባይ የሚገባ ሰው ከኔ በፊት የነበረ አይመስለኝም። እስቲ የዱር አራዊት ጠባቂ ደብተር አውጡልኝ!

ጌሙን ከትራሴ ሥር አድርጌዋለሁ። ሀፍሷ መጥታ «እህቴ ናት የላከችኝ፣ ስጪኝ» ብላ ነበር። ከማሂራ አፍ ካልሰማሁ አልሰጥም ብዬ መለስኳት። ልክ አልሠራሁም?

ጋሼ ጀዋር አንድ ኩንታል ጤፍ ልከዋል፣ አባቴም ተቀብሏል። ኩንታሉ ጓዳ በር ላይ ቆሟል፤ ስወጣም ስገባም እሱን ታክኬ ነው። የተቀበሉት ጤፍ ምን ማለት እንደሆነ ላንቺ አልነግርሽም። እባክሽን ወይ አዎ፣ ወይ አይ በሉኝ። ተስፋና ጤፍ አንድ ቤት አይቆሙም።

ሚጥሚጣው በፌስታል አለልሽ። ባህረዲን ስለሳቀ ደስ ብሎኛል፤ ጢሙን ሰላም በይልኝ። የባትሪ ድንጋዩ ሊያልቅ ነው።

ሱሀይር


ዱባይ፣ ጥር 14 ቀን 1994 ዓ.ም.

ለእህቴ፣ ለደሜ፣ ለሱሀይር፤

የአላህ ሰላምና በረካ አይለይሽ። ደስ የሚልሽን ነገር ይዤ መጣሁ። እትዬ ሀያቱ «ፓስፖርቷን ታውጣ» ብለዋል። ቪዛው በመንገድ ላይ ነው። ለአባትሽ ማሰብሽን ግን ባትተይ ጥሩ ነው፤ መቼም አባት አባት ነው።

ጢሙን ሰላም ብዬልሻለሁ። እሱም ሰላም ብሎሻል፤ መቼ ነው የምትመጣው ብሎም ጠየቀኝ። ትናንትም ጠይቆኝ ነበር።

በእትዬ ሐጀራ እጅ እውነተኛ የባትሪ ድንጋይ ልኬልሻለሁ። አማና አማና እያልኩ ጨቅጭቄሻለሁ መሰለኝ፤ በእህትማማች መሐል ይህን ያህል መጨነቅ አያስፈልግም ነበር። ሲሰለችሽ አጥፊውና እንደገና ጀምሪ። በኔ በኩል ቅር አይለኝም።

የምትወድሽ ማሂራ


ሶማሌ ተራ፣ ጥር 22 ቀን 1994 ዓ.ም.

ለማሂራዬ፤

አላህ የልብሽን ይሙላልሽ፣ የኔን እንደሞላሽልኝ! ምን ብዬ እንደምመርቅሽ አላውቅም። ልጅ ይስጥሽ፤ መንታ ይስጥሽ፤ አንዱን እኔ አዝልልሻለሁ።

ፓስፖርቴ ወጥቷል። ፎቶው ላይ የተያዝኩ ሌባ እመስላለሁ፣ ግን እኔው ነኝ። ከዚያ ምን እንዳደረግሁ ስሚ። አባቴን «ዱባይ እሄዳለሁ፣ ጋሼ ጀዋርን አላገባም» አልኩት። በጥፊ መታኝ፤ እሱ ይለፍ። በማግስቱ ሱቅ ሳለ ጓንጉልን ጠራሁት፤ እውነተኛውን። ኩንታሉን አሸከምኩትና ከፊት ከፊት እየሄድኩ እህል በረንዳ ድረስ ወስጄ ጋሼ ጀዋር እግር ሥር አስወረድኩት። «ጎደሎ ኩንታል የሚገባው ለጎደሎ ሚዛን ነው» አልኳቸው። በረንዳው በሙሉ ሰማ። ጆንያ የሚሰፉት ሴቶች ሳይቀሩ እልል አሉ። ሰውዬው ጆሯቸው ቀላ።

ጌሙንም እንዳልሽኝ አጥፍቼ እንደገና ጀመርኩ። ማሂራ፣ እንዴት ደስ ይላል! ሦስቱ መጡ፦ ጃርቷ፣ እንቁራሪቷና ፍየሉ። ሰው ሁሉ ጃርቷን ይመርጣል፤ እኔ ፍየሉን መረጥኩት። ስም አውጪለት ሲለኝ ባህረዲን አልኩት። በአንቺ ነው፣ ጢሙን የነገርሽኝ አንቺ ነሽ! ገና ደካማ ነው፣ በመጀመሪያው ግጥሚያ አንዲት አይጥ ደበደበችው።

የቪዛውን ቀን ላኪልኝ። ሻንጣ ከምዕራብ ሆቴል ጎን አይቻለሁ።

መንገደኛዋ ሱሀይር


ዱባይ፣ የካቲት 4 ቀን 1994 ዓ.ም.

ለእህት ሱሀይር ሙደሲር፤

አሰላሙ አለይኩም። ጤና ይስጥልኝ። እኛ ደህና ነን።

የመጨረሻው ደብዳቤሽ ደርሶናል። እንደ ወጉ ለእትዬ ሀያቱ አነበብኩላቸው፤ ባህረዲንም ነበር። አጥፍቼ እንደገና ጀመርኩ የሚለው ጋ ስደርስ እትዬ ሀያቱ «ድገሚው» አሉኝ፤ ደገምኩት። «ትንሹን አማና የበላ ትልቁን ይውጠዋል» አሉ። ልጃቸውን ፍየል ማለትሽንም ሰሙ። እኔ ምን ልበል? ባህረዲን ተነስቶ ወጣ፤ በማግስቱ ጢሙን ተላጭቶ ገባ። ከዚያ ወዲህ ስላንቺ አልጠየቀም።

ሊያመጡልሽ የነበረው ቪዛ ለሀፍሷ ሆኗል። ልጅ ናት፣ ዕቃም ትሰብራለች፣ ግን የተባለችውን ትሰማለች። ከአረፋ በኋላ ከእትዬ ሐጀራ ጋር ትመጣለች።

እኔ አልተቀየምኩሽም። አውሬዎቼ ግን አሳዝነውኛል፤ እነ ጓንጉል እንዲህ በአንድ ጣት መጥፋታቸውን ሳስብ አልቅሻለሁ። ባዶም ቢሆን ሳጥኑን ላኪልኝ፣ ንብረቴ ነው። ጋሼ ጀዋር መልካም ሰው ናቸው ሲባል እሰማለሁ። ሄደሽ ይቅርታ ብትጠይቂያቸው አይጨክኑም። አላህ የሚሻልሽን ይስጥሽ።

ማሂራ፣ የባህረዲን ባለቤት


እህል በረንዳ፣ ሚያዝያ 9 ቀን 1994 ዓ.ም.

ለማሂራ፤

ወአለይኩሙ ሰላም። ሰላምታ መመለስ ግዴታ ስለሆነ የአንቺን መለስኩልሽ፤ የራሴን አልጨመርኩበትም።

ደብዳቤሽ ለአረፋ ጓዝ ስንጭን ደረሰኝ። እንደመከርሽኝ አደረግሁ። አባቴ አገር ቤት ጋሼ ጀዋር ደጅ ቆሞ ለመነ፤ እኔ ከኋላው አንገቴን ደፍቼ ቆምኩ። ውስጥ ሆነው ምሳቸውን በልተው፣ እጃቸውን ታጥበው፣ ከዚያ ወጡ። «የተመለሰ ዕቃ መርካቶ በስንት እንደሚገዛ ታውቃለህ ሙደሲር?» አሉት። ኒካሁ በማግስቱ ታሰረ።

ጓዳቸው ስገባ መጀመሪያ ያየሁት ኩንታሉን ነው፤ ያንኑ፣ ጓንጉልን አሸክሜ የመለስኩትን። አንዲት ፍሬ አልተነካችም። «ሌላ ሰው እንዳይበላው ብዬ አቆይቼልሻለሁ» አሉኝ። እሱን ነው እያበጠርኩ የከረምኩት። ልጃቸው ስሜን አትጠራም፤ «ጎደሎዋ» ትለኛለች። እሷም ከአባቷ ሰምታ ነው። አሁን ስም የሚጠራሽ ማጣት ምን እንደሆነ ገብቶኛል፤ ስለዚህ ብቻ አዝኜልሽ ነበር።

እትዬ ሐጀራ ሁሉንም ነግራኛለች። ደብዳቤዬን ስታነቢ እዚያው ነበረች። «ባትሪ ላኩልኝ ስትል የነበረች ልጅ መቼስ አጥፊው ካልተባለች አታጠፋም» ብላ ትጠብቅ ነበር፤ አጥፊው ብዬ የጻፍኩላት እኔ ነኝ ትያለሽ ብላ። «እንዳልሽኝ» የምትለዋን ቃሌን ግን ዘልለሽ አነበብሽው። የወጠጤውን ነገር መጀመሪያ ያወጣሽው አንቺ መሆንሽንም ዋጥሽው። አጥፊው ያልሽኝን ቃል አስቤበታለሁ። ባጠፋው በላሽ፣ ባላጠፋው አትከስሪም። ባልሽ ሁለቴ አስነበበሽ ብለሽ ነው ይህን ሁሉ ያደረግሽው። እኔ ባልሽን አልፈለግኩትም ነበር። ጨርቅ መለካት ነበር የፈለግሁት።

አሁን ያላወቅሽውን ልንገርሽ።

እኔ አጥፊው ስትይኝ የገባኝ ሰው መብራት አጥፊ ሲል እንደሚገባኝ ነው። ቁልፉን አጠፋሁት። መልሼ ከፈትኩና የታችኛውን ቃል ነክቼ ፍየሌን መረጥኩ፤ ሴቭ ግን አላደረግሁም። ሴቭ ካደረግሽ የኔ ይጠፋል ብለሽ አስጠንቅቀሽኝ የለ? ጣቴ እምቢ አለኝ። ባጠፋሁት ቁጥር የኔ ፍየል ይጠፋል፣ በማግስቱ ከሀ እጀምራለሁ። ያቺው አይጥ በየቀኑ ትደበድበናለች። እዚህም ከመጣሁ ወዲህ እንደዚያው ነበርኩ። አንድ ቀን አላሳደግሁትም፣ ያንቺ ሰፈር እንዳይነካ። በላይኛው ቃል ስገባ ደግሞ ያንቺዎቹ ሁሉም አሉ። ጓንጉልም፣ ሸዋርካብሽም፣ አንዳቸውም ሳይጎድሉ። ያለቀስሽላቸው በሕይወት እያሉ ነበር።

እትዬ ሐጀራ ይህን ሳሳያት ጮኸች። «ስጪኝና ለሀያቱ ላሳያት፣ ንጽሕናሽ ይታወቅ» አለችኝ። ለማን ብዬ? ንጹሕ ነች ሲባል ጋሼ ጀዋር አይፈቱኝ፣ ሀፍሷ አትመለስ። በአማና በላተኛ ስም ተድሬያለሁ። ሳልበላ የተጠራሁበትን ለምን አልበላውም አልኩ።

ዛሬ ጠዋት ከአንቺዎቹ ጋር ተሰናበትኩ፤ አንድ በአንድ ከፍቼ ስማቸውን እየጠራሁ። ከዚያ የታችኛውን ቃል ነካሁ፣ ፍየሌን መረጥኩ፣ ሴቭ አልኩት። እርግጠኛ ነሽ ወይ ብሎ ጠየቀኝ። እኔን እርግጠኛ ነሽ ወይ ብሎ የጠየቀኝ እሱ ብቻ ነው። አዎ አልኩት።

ንብረትሽን በእትዬ ሐጀራ እጅ ልኬልሻለሁ፤ የባትሪ ድንጋዩም ያንቺው ነው። ስትከፍቺው የላይኛውን ቃል ንኪ። ሰፈሩ የለም። አንድ ፍየል ብቻ ቆሞ ይጠብቅሻል። ባህረዲን አላልኩትም፣ አትፍሪ። በፈረንጅ ፊደል አጥፊው ብዬ ነው የጻፍኩት። ስም ይሁን ትእዛዝ፣ እንደለመድሽው አንቺው ተርጉመሽ ለእትዬ ሀያቱ ጮክ ብለሽ አንብቢላቸው።

ሱሀይር